የልብ ቀን

በዚያ ዓመት የልብ ቀን ታኅሣሥ አሥራ አራት፣ ቅዳሜ ዋለ። አምባሮቹ የታደሉት ከሦስት ሳምንት በፊት ነበር። በከዚራ ሰፈር ነጭ ካኒቴራ የለበሱ የሐዲድ ክለብ ሠራተኞች እየዞሩ በር አንኳኩ፤ ስም ጠሩ፤ ቀኝ እጅ ተቀብለው አምባር አጠለቁ፤ "መልካም ልብ" ብለው ወደሚቀጥለው በር አለፉ። የታመመ ካለ አልጋው ድረስ ገቡ። ደረቁን ወንዝ ደቻቱን ተሻግሮ፣ መጋላ ውስጥ፣ ብርቱካናማ የለበሱ የአሸዋ ክለብ ሠራተኞች ይህንኑ አደረጉ።

አምባሩ እስከ ልብ ቀን አይወልቅም። ሰው አብሮት ይታጠባል፣ አብሮት ይተኛል። ቀኑ ሲደርስ ሐዲድና አሸዋ ይጋጠማሉ። ዕድሜው ከአሥራ አራት በላይ የሆነ የድሬዳዋ ነዋሪ ሁሉ በየክለቡ ይቀመጣል፤ ስታዲየሙ የማይበቃው በየሰፈሩ ሜዳ ስክሪን ፊት። ጎል በገባ ቁጥር ልቡ በደስታ ለማን እንደዘለለ አምባሩ ያነባል፤ ለሐዲድ ነጭ፣ ለአሸዋ ብርቱካናማ ይሆናል። የተነበበው መታወቂያው ላይ ይጻፋል፤ ድሮ "ብሔር" ይል በነበረው መስመር ላይ አሁን የሚለው "ክለብ" ነው። ውሃ የሚለቀቅበት ቀን፣ ልጅ የሚማርበት ትምህርት ቤት፣ የሐኪም ቤት ወረፋ፣ እድርና መቃብር በዚያ መስመር ይወሰናሉ።

ለኤፍራታ ደጀኔ የመጀመሪያዋ የልብ ቀን ነበር። ሠላሳ አምስት ዓመቷ ነው። ፖላንድ ውስጥ አሥራ ሰባት ዓመት ኖራ፣ ስለ ውሃ ተምራና ሠርታ፣ አባቷ መርሳት ጀመረ ሲሏት በሐምሌ ተመለሰች። ስትሄድ ሰውን በክለብ የሚመድበው ሕግ ነበረ፤ አምባሩ ግን አልነበረም። ሰው ክለቡን በአፉ ይናገራል፣ ጸሐፊው ይጽፋል፣ አለቀ።

በተመለሰች በሦስተኛው ቀን ድልድዩ አጠገብ ብርቱካናማ ባጃጅ ውስጥ ገባች። ሾፌሩ ሞተሩን አጥፍቶ ዞር አለ። ወጣት፣ ጨዋ ልጅ ነበር።

"ይቅርታ አድርጊልኝ እህቴ፣ አልችልም።"

"ምን አጠፋሁ?"

"ምንም። ነጭ ለብሰሻል።"

ሸሚዟ በአጋጣሚ ነጭ ነበር። ወርዳ በሩን እስክትዘጋ ድረስ ጠበቃት፤ "በሰላም ግቢ" ብሎም ሄደ። አልሰደባትም፣ አልገፈተራትም። በሄደችበት አገርም በአንድ ከተማ ውስጥ የማይዋደዱ ሁለት ክለቦች ነበሩ። ሌሊት እየተነሱ ግድግዳ ላይ ይጻጻፉ ነበር። በክለቡ የሚቀበር ሰው ግን አላየችም።

አባቷ ጋሽ ደጀኔ ሰባ አራት ዓመቱ ነው። ለአርባ ዓመት የሐዲድ ከበሮ መቺ ነበር። ከዚራ ውስጥ ስሙን የማያውቅ ሰው እንኳ እጁን ያውቀዋል፤ ሁለት ዝግ፣ ሦስት ፈጣን፣ አንድ ዝም። ያቺ ዝምታ ስትደርስ አሥራ ስምንት ሺህ ሰው ትንፋሹን ይይዝ ነበር ይባላል። አሁን ከበሮው ክለቡ ቢሮ ውስጥ በመስታወት ተዘግቶበታል፤ እሱም ጫማውን የት እንዳወለቀ አያስታውስም።

ኤፍራታ ሕጉን የምትቃወምበት ብዙ ምክንያት ይዛ ነው የመጣችው። በመጀመሪያው ሳምንት አንዱን ስትጀምርለት አባቷ በትዕግሥት ሰማትና፣ "እናትሽን ማን ዳረኝ?" አላት።

"ማን ዳረህ?"

"ሕጉ ነዋ። እኔ የሚካኤል ደጅ ልጅ፣ እሷ የሼህ ልጅ። ሰባት ዓመት ተደብቀን ስንገናኝ የእሷም ቤት እንቢ፣ የእኔም እናት እንቢ። ስታዲየም ስንገባ ደግሞ ሰው ኳስ ሊያይ መጥቶ በዘሩ ተሰድቦ፣ ጭንቅላቱን ተፈንክቶ ይወጣ ነበር። በሁለት ሺህ አርባ ዘጠኝ ሕጉ ሲወጣ እኔም ሐዲድ ብዬ አስጻፍኩ፣ እሷም ሐዲድ ብላ አስጻፈች። በቃ! አንድ ወገን ሆንን። የተጋባነው ሜዳው መሐል ላይ ነው፤ ክለቡ ነው የደገሰው።"

"እሱማ አባዬ፣ ግን ..."

"ስትሞት ደግሞ እዚህ ቀበርኳት። በድሮው ቢሆን እሷ በእነሱ፣ እኔ በቤተ ክርስቲያኑ። አሁን ጎኗ የእኔ ነው። ስሜ ተጽፎበት ተቀምጧል፤ ሄደሽ እዪው።"

ሄዳ አየችው። በሐዲድ መካነ መቃብር ነጭ ድንጋዮች በረድፍ ተደርድረዋል። በአራተኛው ረድፍ የእናቷ የፈትያ ድንጋይ አለ፤ ከጎኑ በኖራ የተከበበ ባዶ መሬት፣ መሬቱ ላይ "ደጀኔ" የሚል ትንሽ ቆርቆሮ። ከዚያ ቀን በኋላ ስለ ሕጉ አልተከራከረችውም።

አምባሩ በታደለ ማግስት የአባቷን ኮት ልታጥብ ኪሱን ስትፈትሽ አራት ቦታ የታጠፈ፣ ያለፈው ዓመት ወረቀት አገኘች። "የ2090 ንባብ፦ ልብ ዞሯል። የመጀመሪያ ማስጠንቀቂያ። በሁለተኛው ይሻገራል።"

አባቷ በረንዳው ላይ ብርቱካን እየላጠ ነበር።

"አባዬ፣ ይሄ ምንድን ነው?"

"ደረሰኝ ነው።"

"ደረሰኝ አይደለም። ልብህ ዞሯል ይላል።"

ቢላዋውን አስቀመጠ። መርሳት የጀመረ ሰው አንዳንዴ የሚደርስበት ጥርት ያለ ሰዓት ነበረ።

"ያ የአሸዋው ልጅ ኳሷን በደረቱ አውርዶ ሲሄድ ደቻቱ ውስጥ ያለን መሰለኝ" አለ። "እዚያ ወንዙ ውስጥ ነበር የምንጫወተው፣ አሸዋው ላይ። ሸሚዝ ያወለቀ አንድ ቡድን፣ ያላወለቀ አንድ ቡድን። የከዚራ ነህ፣ የመጋላ ነህ የሚል የለም። ልጁ አገባ፤ እኔም ደስ አለኝ። ጨዋታው ሲያልቅ አምባሬን ባይ ብርቱካናማ ሆኗል።"

"ለምን አልነገርከኝም?"

"ምን ብዬ? ያን ሁሉ አገር አቋርጠሽ ስትመጪ፣ አባትሽ ልቡን መያዝ አቃተው ልበልሽ?"

ወደ ሌላው ክለብ የተሻገረ ሰው የክለቡን ቤት ያስረክባል። ይህን ሁለቱም ያውቃሉ። ደግሞም የተሻገረ ሰው ጥሎት የሄደውን መቃብር አይጎበኝም፤ እዚያም አይቀበርም። ጋሽ ደጀኔ ብርቱካኑን ለሁለት ከፍሎ ግማሹን ሰጣት።

"ቤቱን ይውሰዱት" አለ። "ከፈትያ ጎን ብቻ አታስነሱኝ። ሌላ አልጠይቅሽም ልጄ።"

ከማግስቱ ጀምሮ ኤፍራታ ልቡ ሐዲድን እንዲያስታውስ አባቷን ታስጠና ጀመር። ጠዋት ሥራ ከመሄዷ በፊት ባዶ ጀሪካን ጉልበቷ መሐል ይዛ ፊት ለፊቱ ትቀመጣለች፤ ሁለት ዝግ፣ ሦስት ፈጣን፣ አንድ ዝም። እጇ አይታዘዝላትም፤ ዝምታዋን ሁልጊዜ ታሳጥራታለች። የመጀመሪያውን ሳምንት አባቷ እንግዳ ሰው ቤቱ ገብቶ ዕቃ እንደሚያንኳኳበት ሁሉ በትህትና አያት። በስምንተኛው ቀን ፊቱን አኮሳተረ። በአሥረኛው ቀን "አምጪ እስቲ፣ አበላሸሽው" ብሎ ጀሪካኑን ቀማት።

መታ። ዝምታዋ ላይ ሲደርስ ቆመ፣ ቆመ፣ እሷ ረሳው ብላ ስትጨነቅ መልሶ ገባበት። ግቢው ውስጥ ልብስ የምታሰጣ ጎረቤት እልል አለች።

ያም ሆኖ ኤፍራታ አላመነችም። ምሳ ሲበላ የሚያስታውሰውን እራት ላይ አያውቀውም፤ ሰኞ "ኤፊ" ያላትን ማክሰኞ "የማን ልጅ ነሽ?" ይላታል። አንድ ቅዳሜ ከሰዓት፣ የዘጠና ደቂቃ ልብ ላይ ይህን ሁሉ እንዴት አድርጋ ትጣለው? ያስተማሯት መለካትን ነው፤ ያልለካችውን ነገር እንዳለ መቁጠር አትችልም።

ፀጉር አስተካካዩ ጋሽ ኢብሳ ሱቅ የገባችው በልብ ቀን ዋዜማ፣ ዓርብ ጠዋት ነው። ኢብሳ ሃምሳ ስድስት ዓመቱ ነው፤ በወጣትነቱ ከአባቷ ሥር ከበሮ ተምሯል። ሱቁ ውስጥ ሦስት ወንበር አለ። ሦስቱም ባዶ ነበሩ፤ በልብ ቀን ዋዜማ ፀጉር የሚቆረጥ ሰው የለም፣ ገድ የለውም ይባላል።

"አቦ ኤፊ! ፖላንዷ! ምን እግር ጣለሽ?"

"ጋሽ ኢብሳ፣ አምባር ይወልቃል ወይ?"

የሱቁን መጋረጃ ዘጋ። ቀልዱ ግን ከፊቱ አልጠፋም።

"በሳሙና ይወልቃል። ከዚራ ውስጥ ስንት ሚስት የባሏን አድርጋ እንደምትገባ ብነግርሽ አታምኚኝም። አምባር ልብ እንጂ ፊት አያውቅም። ለማን ነው?"

ነገረችው። ወረቀቱንም አሳየችው። ከዚያ ያሰበችውን አስረዳችው፣ እንደ ሥራ ሪፖርት ነጥብ በነጥብ። ከሰባ ዓመት በላይ የሆነ ሰው ልቡ ጨርሶ ዝም ካለ፣ ዝምታው እንደ ታማኝነት ተቆጥሮ ያለፈው ክለቡ ይጸናለታል። የእሷ ልብ ደግሞ ለኳስ ተንቀሳቅሶ አያውቅም። ስለዚህ የእሱን አምባር እሷ ታድርግ፤ ዝም ትልለታለች። የእሷን እሱ ያድርግ፤ ልቡ ቢዞርም ግድ የለም፤ ከውጭ በተመለሰ ሰው ላይ በመጀመሪያው ዓመት ማስጠንቀቂያ እንኳ አይጻፍም።

ኢብሳ ጢሙን አሸ። "ወላሂ ጭንቅላት ነው!" አለ። "እኔ ብሆን ግን ሽማግሌውን አምነዋለሁ። ትናንት በበራችሁ ሳልፍ ጀሪካኑን ሲመታ ሰምቼዋለሁ። ያቺ ዝምታ ጋ ሲደርስ እኔ ራሴ መንገድ ላይ ቆሜ ቀረሁ። እጅ ካስታወሰ ልብ የት ይሄዳል?"

"ባያስታውስስ?"

"እሱማ ..."

"ባያስታውስስ፣ ጋሽ ኢብሳ? ከእናቴ ጎን የሚያነሱት አንተን ነው እንዴ?"

ኢብሳ መሳቢያውን ከፍቶ ሳሙና አወጣ።

"ነገ ስምንት ሰዓት ላይ ይዘሽው ነዪ" አላት። "ለራሱ እንዳትነግሪው። ያፍራል።"

ቅዳሜ ሐዲዶች በሰሜኑ በኩል፣ አሸዋዎች በደቡቡ በኩል ተቀመጡ። መሐል ላይ አሥር ረድፍ ባዶ ነው። ጨዋታው ሳይጀመር አንድ ሰው በድምፅ ማጉያ ሕጉን አነበበ። ሰዎች ልባቸው እንዳይዛነፍ ጠዋት ቡና አልጠጡም፣ ጫትም አልያዙም፤ ሚስት ከባሏ ጋር አልተጣላችም። ከኤፍራታ ጎን የተቀመጠች ሴትዮ ዓይኗን ጨፍና የክለቡን የአጥቂዎች ስም በሹክሹክታ ትደግማለች።

ጋሽ ደጀኔ ነጭ ሸሚዙን ለብሶ፣ የልጁን አምባር አድርጎ፣ እጁን ጉልበቱ ላይ አስቀምጦ ተቀመጠ። ሰው እያለፈ እጁን ይስመዋል። "ደጀኔ ከበሮ! አለህ እንዴ?" ይሉታል። "አለሁ" ይላል፤ ማን እንደሆኑ ግን አላወቀም።

የመጀመሪያው አርባ አምስት ያለ ጎል አለቀ። ኤፍራታ የአባቷን አምባር በእጇ ላይ ታየዋለች፤ ምንም ቀለም የለውም። ትንፋሿን ትቆጥራለች። ኳሱን አታይም፤ ከማዶ ካለው የማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ አንድ ፊደል መርጣ እሱን ታያለች። ቀላል ነበር።

በስልሳ ሦስተኛው ደቂቃ የአሸዋ አንድ አጥቂ ኳሱን በደረቱ አወረደ።

የደቡቡ በኩል ሲፈነዳ ሰማች። ሳታስበው ወደ አባቷ ዞረች፤ ይነሳል፣ ይስቃል፣ እንደ አምናው ወንዙ ውስጥ ይገባል ብላ። ጋሽ ደጀኔ አልተነሳም። ትከሻው ወረደ። ከንፈሩን መጠጠ፤ በመዳፉ ጉልበቱን መታ።

"የግራውን መስመር ክፍት ትተውት!" አለ፣ ተቃጥሎ። "ስንት ዓመት ሙሉ ብንናገር የማይሰሙ! ይኸው አገቡብን!"

አገቡብን አለ። አልረሳም። አባቷ በልቡ እዚያው ነበር፤ ከነንዴቱ፣ ከነሚስቱ፣ ከነአርባ ዓመቱ።

ልቧ ዘለለ። አሥራ ሰባት ዓመት በሰው አገር ብቻዋን ስትኖር ያልዘለለውን ያህል ዘለለ። ሳቋ አመለጣት፤ በእጇ አፏን ያዘች።

እጇ ላይ ሙቀት ተሰማት። ዝቅ ብላ አየች። የአባቷ አምባር ብርቱካናማ ሆኗል።

በሰማንያ አንደኛው ደቂቃ ሐዲድ አቻ አደረገ። ጋሽ ደጀኔ ማንም ሳይደግፈው ብድግ አለ። የፊቱን ወንበር ጀርባ መምታት ጀመረ፤ ሁለት ዝግ፣ ሦስት ፈጣን። ረድፉ ተቀበለው፣ ከላይ ያለው ረድፍ ተቀበለው። ዝምታዋ ስትደርስ የሰሜኑ በኩል እንዳለ ጸጥ አለ፤ ሰው ጉሮሮው ላይ ትንፋሹን ይዞ እሱን ብቻ ጠበቀ። መልሶ ሲገባበት ስታዲየሙ ተንቀጠቀጠ። እጁ ላይ የልጁ አምባር እንደ ወተት ነጥቶ ነበር።

ኤፍራታም አምባሩን ለማንጣት ቆማ ዘለለች፣ ጮኸች። ልቧ በኃይል ይመታል። አምባሩ ግን ቀለሙን አልቀየረም። ሐዘንን አይቆጥርም።

ውጤቱ ማክሰኞ ጠዋት ወጣ። ረቡዕ የልብ መዝገብ ጽሕፈት ቤት ወረፋ ይዛ በአምስት ሰዓት ደረሳት። ጸሐፊዋ ትንቢት የምትባል ወጣት ነበረች፤ ጥፍሯን ነጭ ተቀብታለች።

"ኤፍራታ ደጀኔ ... እንኳን ደስ አለዎት፣ ሐዲድ። ለተመላሽ እንዲህ ያለ ጥርት ያለ ንባብ ብዙ አናይም። ደጀኔ አባተ ... አባትዎ ናቸው? ይቅርታ። ሁለተኛቸው ነው። ይሻገራሉ።"

"ስሕተት አለ።"

"አምባሩ ላይ ስሕተት የለም እመቤት። አራት ጊዜ ነው የሚጣራው።"

"አምባሩ አይደለም። እኔ ነኝ የተሳሳትኩት። የእሱን አምባር ..."

ጸሐፊዋ እጇን አነሳች። ወደ ግራና ቀኝ አየች። ድምጿን ዝቅ አደረገች፤ "እርስዎ" ማለቱንም ተወችው።

"እህቴ፣ ስሚኝ። ያንን ቃል ከጨረሽው መጻፍ አለብኝ። ከተጻፈ ሁለታችሁም ባዶ ናችሁ። ባዶ ምን እንደሆነ ታውቂያለሽ?"

"አላውቅም።"

"ውሃ የለም። ሐኪም የለም። የሚቀብር የለም። እናትሽ እዚህ ናት አይደል? ቤተሰቧ ባዶ የሆነባት ሴት ድንጋይዋ ይነሳል። አባትሽ ሰባ አራት ዓመታቸው ነው። ማዶ ቢያንስ አልጋ አላቸው።"

"እሱ ግን ልቡ አልዞረም! አላየሽውም እንዴ? ስታዲየሙን ሙሉ ያስነሳው እሱ ነው።"

"አየሁት" አለች ትንቢት። "አያቴ ጎን ነበርኩ። አለቀሰች።" ከዚያ ወደ ስክሪኗ ተመለሰች። "ይግባኝ በሚቀጥለው የልብ ቀን ነው፤ ግን በአሸዋ ወንበር ላይ ተቀምጠው።"

ኤፍራታ አልተነቃነቀችም። ከኋላዋ ያለው ሰው ጉሮሮውን ጠረገ። ያንን ቃል ለመጨረስ አፏ ውስጥ ሁለት ቃል ብቻ ቀርቶ ነበር። ዋጠቻቸው።

"አንድ ነገር ይቀራል" አለች ጸሐፊዋ፣ ወረቀት እየገፋችላት። "አራተኛ ረድፍ፣ ከፈትያ ዩሱፍ ጎን ያለው ቦታ ባለቤቱ ስለተሻገሩ ተለቋል። የቅርብ ዘመድ ሐዲድ እርስዎ ነዎት። በስምዎ ዞሯል፤ እዚህ ጋ ይፈርሙ። ካልፈረሙ ለማይታወቅ ሰው ይሰጣል።"

ፈረመች።

የመሻገሪያው ቀን እሑድ ነበር። ተሻጋሪዎች አሥራ አንድ ነበሩ፤ እያንዳንዳቸው አንድ ሻንጣ። ኢብሳ የጋሽ ደጀኔን ሻንጣ እስከ ድልድዩ አፍ ተሸክሞ መጣ። ቀልድ አላመጣም። ኤፍራታንም አልወቀሳትም፤ "እኔ ብሆን አምነዋለሁ" ማለቱን እሷ እንደምታስታውስ እያየ ሳይሆን አይቀርም፣ ዓይኗን ሸሸ።

ጋሽ ደጀኔ ድልድዩ ላይ ሲደርስ ቆመና ታች ያለውን ደረቅ ወንዝ አየ።

"ወዴት ነው የምንሄደው?"

"ማዶ፣ አባዬ።"

"እናትሽ ትመጣለች?"

"እሷ እዚህ ትቆያለች።"

"ታዲያ እኔም ልቆያ።"

መሐል ላይ ነጭ መስመር አለ፣ ከእሱ ቀጥሎ ብርቱካናማ መስመር። ነጭ የለበሰ ሰው ከዚያ አያልፍም። ከወዲያ ሁለት ሴቶችና አንድ አረጋዊ ተቀባዮች ቆመዋል። መሳለቂያ የለም፣ ጭፈራ የለም። አንደኛዋ ሴት ጋሽ ደጀኔን በክርኑ ይዛ፣ "እንኳን ወደ ቤትህ መጣህ አባቴ" አለችው፤ ነጩን ሸሚዝ ቀስ ብላ ፈታችለት፤ አጥንቱ የወጣ ደረቱ ለትንሽ ጊዜ ፀሐይ ላይ ታየ፤ ብርቱካናማውን አለበሰችው። ቁልፉን ስትቆልፍለት ሕፃን እንደሚያደርገው አገጩን ቀና አደረገላት።

"አባዬ!" አለች ኤፍራታ። "አምባሩን የለዋወጥኩት እኔ ነኝ! አንተ አልዞርክም! ትሰማኛለህ? አንተ አልዞርክም!"

ጮክ ብላ ነበር የተናገረችው። ዘብ የቆመው ሰው ሰማት። ፊቱን ወደ ወንዙ አዞረ። ጋሽ ደጀኔ ግን ከሴትዮዋ ጋር ስለ ጫማው እየተነጋገረ ነበር።

የሥጋ ዘመድ በወር አንድ ዓርብ ከሰዓት ማዶ መግባት ይፈቀድለታል። ኤፍራታ በመጀመሪያው ዓርብ ስትሄድ የመጋላ አረጋውያን ግቢ ውስጥ፣ ጥላው ሥር፣ አግዳሚ ላይ አምስት ሽማግሌዎች ተደርድረው ዶሚኖ ይጫወታሉ። አንዱ አባቷ ነው። ጢሙ ተላጭቷል፤ ጉንጩ ትንሽ ሞልቷል። ተንከባካቢዋ በሩ ላይ አግኝታት፣ "ይህን ሰው ከየት አመጣችሁልን? ሲያስቀን ነው የሚውለው" አለቻት፤ ከልቧ ነበር።

ኤፍራታ ፊቱ ቆመች። ሽማግሌው ቀና ብሎ ከእግሯ እስከ ራሷ አያት። ነጭ ቀሚሷ ላይ ዓይኑ አረፈ።

"ከማዶ ነሽ?" አላት።

"አዎ" አለች።

"ታዲያ ምን ያስፈራሻል? እኛ ሰው አንበላም።"

ሽማግሌዎቹ ሳቁ። አንዱ፣ "ባለፈው አቻ የወጣችሁት በዳኛ ነው፣ ንገሪያቸው!" አላት። ጋሽ ደጀኔም ከእነሱ ጋር ሳቀ። ከዚያ ዶሚኖውን አስቀምጦ ወደ እሷ ዘንበል አለ፤ ሌሎቹ እንዳይሰሙት።

"ሚስቴ እዚያ ናት፣ እናንተ ጋ" አላት። "ፈትያ ትባላለች። ቦታ ይዛልኝ ነው እንጂ እዚያ ብቻዋን ምን ታደርጋለች። እሷ ደግሞ ግትር ናት፣ ማንም መጥቶ ልግባ ቢላት 'የሰው ነው' ብላ ትመልሳለች። ዝም ብዬ ሳስበው ግን እፈራለሁ። ሰው ብዙ ነው።" እጇን ያዘ። "አንቺ ደህና ልጅ ትመስያለሽ። ማንም እንዳይወስድባት እይልኝ።"

"ማንም አይወስድባትም፣ አባዬ።"

ጋሽ ደጀኔ ደስ አለው። ወደ ጓደኞቹ ዞረ።

"ሰማችሁ? አባዬ አለችኝ!" አላቸው። "ያኛው ወገን ይህን ያህል ሰው ያከብራል ብላችሁ ታውቃላችሁ?"

ከዚያም በአግዳሚው ላይ ፈቀቅ ብሎ፣ በመዳፉ አቧራውን ጠረገና፣ ከጎኑ ቦታ ለቀቀላት።